የዘበኛዋ ቀሚስ

ታናሽ እህቴን በመሥሪያ ቤቷ «ዘበኛዋ» ነው የሚሏት። በር ላይ ስለምትቆም አይደለም። ድርጅቱ ለልብስ ሰፊዎች የሚሆን ፕሮግራም ይሠራል፤ ልክ ሲያስገቡለት የልብሱን ቅድ ስሎ በትልቅ ወረቀት ያትማል። በፕሮግራሙ ሆድ ውስጥ ካሉት ብዙ ፋይሎች አንዱ የእሷ ነው፤ ሥራውም «ፈቃድ አለዎት?» ማለት ብቻ ነው። ያለው ያትማል፣ የሌለው እያየ ይመለሳል። እኔን ከጠየቃችሁኝ ዘበኝነቱን የጀመረችው ገና ድሮ ነው። በልጅነታችን የስኳሩ ቁም ሳጥን ቁልፍ እሷ ጋ ነበር፤ እናታችን እንኳ ለምን እንደፈለገችው ሳትናገር አይከፈትላትም ነበር።

በዚያ ሰሞን ግን ዘበኛዋ እሑድ ልትዳር ነውና ልቧ ከእሷ ጋር አልነበረም። አንድ ቀን እንዲያውም የተለያየ ጫማ አድርጋ ሥራ ውላለች። የሠርግ ቀሚሷን የምትሰፋላት አክስታችን ናት፤ እቴቴ እንላታለን። ቅድ የምታወጣውም ልብስ መስፊያ ቤቷ ባለው ኮምፒውተር፣ በዚሁ በእህቴ ድርጅት ፕሮግራም ነው። የእቴቴ እጅ ወርቅ ነው፤ ምላሷ ግን «ነገ» ከማለት ሌላ አልለመደም። ሐሙስ እህቴ ልትለካ ስትመጣ ጨርቁ እንደተጣጠፈ ነበር፤ መቀስም አልነካውም።

እኔ እዚያው ቁጭ ብዬ የሰው ሸሚዝ ላይ ቁልፍ እተክል ነበር። እቴቴ እህቴን በመስኮት ስታያት ክው አለችና ዘላ የኮምፒውተሩን ቀን ወደ ረቡዕ መለሰችው። እህቴ እንደገባችም ስክሪኑን እያሳየች፣ ቀጠሮሽ ነገ አይደለም እንዴ አለቻት። ስልክ በኪሷ ያለ፣ ኑሮዋ ከኮምፒውተር ጋር የሆነ ሴት አመነች! በራሷ እየሳቀች እቴቴን ስማ ወጣች። ፍቅር ከያዘው ሰው ላይ ቀን መስረቅ እንዲህ ቀላል ነው።

በሩ እንደተዘጋ እቴቴ ቀኑን አስተካክላ ቅዱን አትም አለችው። ስክሪኑ ላይ ግን ሌላ ነገር ወጣ፦ «የኮምፒውተሩ ቀን ወደ ኋላ ተመልሷል። ማተም እስከ እሑድ ተዘግቷል።» ለካስ ፈቃዳቸው ያለቀባቸው ሰዎች ቀኑን እየመለሱ በነፃ ይጠቀሙ ኖሯል፤ እህቴ ያንን የሚይዝ ወጥመድ ፋይሏ ውስጥ አስቀምጣለች።

እቴቴ አፍራ እኔን አስደወለችኝ። እህቴ ገና አውቶቡስ ላይ ነበረች። የሆነውን ሁሉ ስነግራት ቀስ ብላ፣

«ዛሬ ሐሙስ ነው እንዴ?» አለች።

ሳቄን መያዝ አቃተኝ። እቴቴ ስልኩን ነጠቀችኝና ድምፁን ከፈተችው። «በቃ ክፈቺልኝ፣ የኔ እናት። አንቺ አይደለሽ የሠራሽው?»

«እኔም ብሆን እንዳልከፍተው አድርጌ ነው የሠራሁት» አለች እህቴ።

ተመልሳ ስትመጣ ዓይኗ እንባ አቅርሯል። ጨርቁ ዛሬ ካልተቀደደ ቀሚስ የለም፤ በሩን የዘጋችው ደግሞ እሷው ናት። ስክሪኑ ፊት ስትቀመጥ ግን ፊቷ በራ። የተዘጋው ማተሙ ብቻ ነበር፤ ልኮቹ ቁልጭ ብለው ይታያሉ። ሰው የገዛ ሥራውን እንዳያይ አይከለከልም ብላ ከአለቃዋ ጋር ተጨቃጭቃ ክፍት ያስደረገችው ነገር ነው።

እናታችንን ጠራናት። እህቴ ቁጥር ታነባለች፤ እቴቴ ወለሉ ላይ ተንበርክካ በወረቀት ላይ ትስላለች፤ እኔ ሜትር እይዛለሁ። ወረቀቱ እንዳይጠቀለል ጥግ ጥጉ ላይ ጫማችንን ደረደርን፤ አልበቃ ሲል እናታችን ራሷ ተቀመጠችበት። እህቴ ወገቡ ጋ ስትደርስ ሁለት ሴንቲ ቀንሳ አነበበች። እቴቴ ቀና አለች።

«ተይ ልጄ፣ ዛሬ አንድ ውሸታም ይበቃናል።»

ከዚያ በኋላ ማን ሥራ ይሥራ! እየሳቅን፣ የሳልነውን እየረገጥን፣ እንደገና እየሳልን አመሸን። በሕይወቴ እንደዚያን ዕለት ደስ ብሎኝ አያውቅም።

እሑድ ቀሚሱ ልክክ አለባት። እኔም የጫማዬ ተረከዝ እስኪነቀል ጨፈርኩ።

እህቴ ሥራ ስትመለስ ፋይሏን ከፍታ አንድ ነገር ቀየረች። አሁን ከመዝጋቱ በፊት ይጠይቃል፦ «ቀኑ ወደ ኋላ ተመልሷል። ምን ገጥሞዎት ነው?» ከሥሩም መልስ መጻፊያ ቦታ አለው። የመጀመሪያው መልስ ከማናውቃቸው ልብስ ሰፊ መጣ፦

«ሙሽራዋ በር ላይ ናት።»

ዘበኛዋ ለፈቃዳቸው አንድ ቀን ጨመረችላቸው።