ኤርሱሞ ድምፁን ያጣበት ፊልም

ባለፈው ሳምንት እዚህ ከሶዌቶ ብዙም በማይርቀው ሮዘተንቪል ሰፈር ቤታችን ሶፋው ላይ ጋደም ብዬ ሳለ ልጄ ሜሮን ስልኳን አፍንጫዬ ስር ደቀነችው። "ባባ፣ የስኩል ፕሮጀክት ነው። ፊልሙ ሙሉውን ሚዩት ነው፤ ኢማጂን!" የድሮ ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። ወታደሮች ይጋልባሉ፣ መድፍ ይተኩሳሉ፣ አፋቸውን ከፍተው ይጮኻሉ፤ ድምፅ ግን የለም። "አጥፊው" አልኳት። ስልኩን ገፋ አድርጌ ተነሣሁ።

በወጣትነቴ ከአገሬ ልጅ ከኤርሱሞ ጋር ሶዌቶ ውስጥ ስፓዛ የሚሏት ዓይነት የመንደር ሱቅ ነበረችን። ከኋላ ባለችው መስኮት አልባ ጓዳ እንተኛለን፣ እንበላለን፣ እንጸልያለን። ጸሎት ካነሣሁ ደግሞ ኤርሱሞን ማንሳቴ ነው። አገር ቤት፣ ሆሳዕና ከተማ ሳለን እሱ ሲጸልይ ሰፈሩ በሙሉ ይሰማ ነበር። እኔ ቀስ ብዬ ሳጉተመትም ይስቅብኛል። "ጌታ ጎንበስ ብሎ ይስማህ እንዴ? ጩኽ እንጂ!"

ሐምሌ ነበር። አገር ቤት ዝናቡ ሲያወርደው እዚህ አጥንት ዘልቆ የሚገባ ደረቅ ብርድ ነው። ከሰዓት በኋላ ገበያው ቀዝቀዝ ሲል ሱቁን ዘጋንና ጎረቤታችን የምትጠብሰውን ማግዊንያ የሚሉትን ቦምቦሊኖ መሳይ በሻይ እየነከርን በትንሿ ቴሌቪዥን ፊልም ማየት ያዝን። የርስ በርስ ጦርነት ታሪክ ነው። የአንዲት እናት ሁለት ልጆች በሁለት ጎራ ተሰልፈዋል። ኤርሱሞ የተበላሸ መስሎት ቴሌቪዥኑን በጥፊ መታው። "ተው፣ ፊልሙ ከጥንቱም ድምፅ የለውም" ብዬ በእንግሊዝኛ የሚወጣውን ጽሑፍ እየተረጎምኩ አነብለት ጀመር።

ወንድም በወንድሙ ላይ ጠመንጃ ሲያነሣ ነው የውጭውን ጫጫታ የሰማነው። የመጤዎች ሱቅ ሊዘረፍ ነው የሚል ወሬ ሰንብቷል፤ እኛ ጋ አይደርስም ብለን ነበር። "ፑማ! ፑማ!" ይላሉ፤ ውጡ ማለታቸው ነው። ከድምፆቹ አንዱን ለየሁት። ጠዋት ጠዋት ዳቦ ሲገዛ "ማይ ፍሬንድ" የሚለን ጎልማሳ ነበር። ያን ጊዜ ተስፋዬ ተሟጠጠ። የዱቄት ጆንያዎቹን እየጎተትን የጓዳው በር ላይ ከመርን። የሱቁ የብረት በር ሲገነጠል ኤርሱሞ እጆቹን ወደ ላይ ዘርግቶ "ኢየ..." ሲል ዘልዬ አፉን አፈንኩት።

ትንፋሹ መዳፌን ያቃጥለኛል። ጸሎቱ ጉሮሮው ውስጥ ሲንፈራገጥ ይሰማኛል። አንዲት ቃል ብታመልጠው አለቀልን። ቴሌቪዥኑን ማጥፋት ማናችንም አላሰብንም፤ ድምፅ የለውማ። እናቲቱ ባዶ ቤት ውስጥ ተንበርክካ ትጸልይ ነበር፤ ከንፈሯ ብቻ ይንቀሳቀሳል። ኤርሱሞ ዓይኑን ተከለባት። ከዚያ እጄን ቀስ አድርጎ ከአፉ ላይ አነሣና እንደሷ ከንፈሩን ያንቀሳቅስ ጀመር። እንባው በጉንጩ ይወርዳል። ከበሩ ወዲያ መደርደሪያ ይወድቃል፣ ጠርሙስ ይሰበራል። አንዱ የጓዳውን በር በእርግጫ መታው። "ማንም የለም፣ ሸሽተዋል" አለው ሌላው በዙሉኛ።

እኛ ተረፍን፤ ሱቁ አልተረፈም። እናቲቱ ልጆቿን ታግኝ አታግኝ አላየንም። ዝምታ ወርቅ ነው የሚሉ ሰዎች ዋጋውን ከፍለው የሚያውቁ አይመስለኝም።

ይህን ሁሉ ለሜሮን አልነገርኳትም። እሁድ ከጉባኤ ስንወጣ ግን ራሷ ጠየቀችኝ። "ባባ፣ አንክል ኤርሱሞ ሲጸልይ ለምንድን ነው ሚዩት የሚሆነው?"

ጸጉራችን ሸብቷል፤ ጉባኤው በአንድነት ሲጮኽ ዛሬም የኤርሱሞ ከንፈር ብቻ ይንቀሳቀሳል። ተመክሯል፣ ተጸልዮለታል፤ ያ ጉሮሮ አልተከፈተም። እኔ አጉተምታሚው ግን አጠገቡ ቆሜ ድምፄ እስኪዘጋ እጮኻለሁ። የምጮኸውም አንድ ነገር ብቻ ነው። "ጌታ ሆይ፣ ጎንበስ ብለህ ስማው!"