አባቴ የሽማግሌውን ቃል የተናገረ ቀን

ቡራዩ ታክሲ መያዣው አጠገብ ያለው ጫማ ሰፊ ማስቲሹን በከፈተ ቁጥር የአባቴ ጢም ይሸተኛል። አባቴ የራሱ ጢም አልነበረውም፤ ከቲያትር ቤት ሲመለስ ግን አገጩ ላይ የደረቀውን ሙጫ እየላጠ፣ የዳኛ፣ የዘበኛ ወይም የሰካራም ጢም ከኪሱ አውጥቶ መስኮቱ ላይ ያሰጣ ነበር።

ዕድሜውን ሙሉ በመድረክም በቴሌቪዥን ድራማም መሪ ተዋናይ ሆኖ አያውቅም። ክረምት ላይ ሰፈራችን በጭቃ ሲዋጥ እቤት ተቀምጦ አዲሱን ቲያትር ያጠና ነበር፤ ሲያጠናም የራሱን ጥቂት መስመር ብቻ ሳይሆን የሁሉንም ነበር፣ ምክንያቱም መሪው ተዋናይ መድረክ ላይ ቃሉ ሲጠፋበት ከንፈሩን ሳያንቀሳቅስ ሹክ የሚለው እሱ ነበር። በጋ ሲገባ ደግሞ አኮርዲዮኑን አንግቶ ከሰበታ እስከ ሱሉልታ በየሰርጉ ይዞር ነበር። እናቴ በሰው ሰርግ ላይ የሚዘፍን ባሏን ስትጠብቅ ብዙ እሁድ ስላለፈባት፣ ሙያውን አልወደደችለትም።

ስለዚህ ታላቅ እህቴ ሰናይት የሱሉልታ ልጅ፣ ያውም ክራር ተጫዋች፣ ማግባት እንደምትፈልግ ስትናገር እናቴ «ለአንድ ቤት አንድ አርቲስት ይበቃል» አለች። ሽማግሌ እንደሚላክ ሲሰማም አባቴን «ዘመድ እናማክር ብለህ መልሳቸው፤ ከዚያ ነገሩ ይበርዳል» ብላ አስማለችው። እሱም የእናቴን ኩርፊያ ስለማይችል እሺ አለ። ሰናይት እህል አልቀምስ ብላ ሰነበተች፤ እኔም አብሬያት አለቀስኩ።

ጥቅምት ላይ፣ አደይ አበባው መርገፍ ሲጀምር፣ ሦስት ሽማግሌዎች መጡ። እኔና ሰናይት ከመጋረጃው ኋላ ሆነን እናይ ነበር። «ተቀመጡ» ሲባሉ እንደ ወጉ «ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም» ብለው ቆሙ። ተናጋሪው ኦቦ ቶሎሳ የሚባሉ የሱሉልታ ገበሬ ነበሩ። «እንግዲህ... የመጣነው...» ብለው ጀመሩና ቀና ሲሉ፣ ፊት ለፊታቸው ያለው በቴሌቪዥን የሚያውቁት ሰውዬ መሆኑ ገባቸው፤ ያን ጊዜ ቃሉ ሁሉ ጠፋባቸው። ሌሎቹ ሁለቱም መሬት መሬት ያያሉ።

አመል ያወጣል ከመሐል እንደሚባለው፣ አባቴ ከንፈሩን ሳያንቀሳቅስ «ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን ልንለምን ነው» አላቸው።

የኦቦ ቶሎሳ ፊት በራ። «ገለቶማ» ብለው በኦሮምኛ ካመሰገኑ በኋላ ጮክ ብለው «ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን ልንለምን ነው» አሉና ቀጣዩን ለመስማት አባቴን ያዩት ጀመር። አባቴ በሚያውቃቸው ቲያትሮች ሁሉ ከዚህ ቃል በኋላ የሚመጣው አንድ መልስ ብቻ ነበር።

«ሰጥተናል፤ ተቀመጡ» አለ።

ሰናይት እጄን ጨምቃ ልትሰብረው ደረሰች። እናቴ የጓዳው በር ላይ ዓይኗን አፍጥጣ ቆየችና ሳቋ አመለጣት። «አይ አንተ ሰውዬ፣ ለሌላው ሹክ ስትል የራስህን ረሳኸው» አለችው። በጥር ሰርጉ ሲደገስ አባቴ ለመጀመሪያ ጊዜ በራሱ ቤት ሰርግ አኮርዲዮን ተጫወተ፤ እናቴም አጠገቡ ሆና አጨበጨበች።

አሁን አባቴ አርጅቷል። በተከታታይ ድራማ ብዙ የማይናገር አያት ሆኖ ይሠራል፤ ቃል አይያዝለትም። እሁድ እሁድ ቡራዩ ስንሰበሰብ የሰናይት ባል ክራሩን ይቃኛል፣ አባቴም ይዘፍናል፣ መሐል ላይም ግጥሙ ይጠፋበታል። ያኔ የሁሉንም ቃል የሚይዘው እሱ ነበር። ዛሬ ግን ሙያውን ያልወደደችው እናቴ አጠገቡ ተቀምጣ፣ ከንፈሯን ሳታንቀሳቅስ ሹክ ትለዋለች።