ሁለት ጊዜ የተቆጠርነው ሰባታችን

የባልደረባችን እናት አረፉና በትውልድ ቦታቸው በሲሬ ተቀበሩ። በሦስተኛው ቀን፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ለቅሶ ልንደርስ ከነቀምቴ የምንነሳው ሁለት ወገን ነበርን፤ የትምህርት ቤታችን መምህራንና የቡርቃ ጃቶው ሰፈራችን እድር። በጋራ የተከራየነው ቅጥቅጥ ከሾፌሩ ሌላ ሃያ ዘጠኝ ሰው ይጭናል።

የእድሩ ዳኛ በሩ ላይ ቆመው ፈረዱ።

«አሥራ ሰባት መምህር፣ አሥራ ዘጠኝ የእድር ሰው፤ ሠላሳ ስድስት። ሰባት ሰው ይቀራል። መንገዱ ስለሚያደክማቸው አረጋውያኑ ይቅሩ።»

ከሁሉም ቀድመው ወደ ኋላ ያሉት የሟች ጎረቤት ናቸው። ሰፈርተኛው ሁሉ «አዮ» ይላቸዋል፣ እናቴ እንደ ማለት። ከሟች ጋር ዕድሜ ልካቸውን አንድ አጥር ተጋርተው ኖረዋል። እሳቸው በኦሮምኛ ይጠይቃሉ፣ ሟች በአማርኛ ይመልሳሉ፤ አንዳቸው ከጸሎት ቤት፣ አንዳቸው ከቅዳሴ ሲመለሱ እዚያው አጥር ሥር ቆመው ያወራሉ።

«ይሁን፣ ልጆቼ። እናንተ አጽናኑልኝ» አሉ። ዓይናቸው ግን ከመኪናው አልተነቀለም። አንጀቴን በሉት።

እኔ ስናደድ የሒሳብ መምህርነቴ ይነሳብኛል። «ለመሆኑ እኔን ከየትኛው ቆጠሩኝ?» አልኳቸው ዳኛውን።

«ከእድሩ ነዋ! ትናንት ማታ እጅህን አውጥተህ የለ?»

«ትምህርት ቤትም አውጥቻለሁ። ምንም ብወፍር ሁለት ወንበር አልይዝም።»

ሰፈራችን የሚኖሩትን መምህራን ለብቻ እንዲቆሙ ጠየቅሁ። ከእኔ ጋር ሰባት ሆንን። ሁላችንም በእረፍት ሰዓት መምህራን ክፍል ውስጥ እጃችንን አውጥተናል፤ ማታ እድሩ ሲጠይቅም አውጥተናል። በለቅሶ ነገር አንዱ ጋ ዝም ማለት ያሳማላ! ከሠላሳ ስድስቱ ላይ በትርፍ የተቆጠርነው ሰባታችን ስንቀነስ ልክ ሃያ ዘጠኝ ይመጣል። ይህንኑ በሁለት የተጠላለፉ ክቦች እየሳልኩ ሳስተምር ተማሪዎቼን እንቅልፍ ይወስዳቸዋል።

ዳኛው አላመኑኝም። እያንዳንዳችንን በጣታቸው እየቆጠሩ አሳፈሩን። አዮ የመጨረሻው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ ደስ አለኝ።

ሲሬ ስንደርስ ባልደረባችን ድንኳኑ ውስጥ ድርቅ ብላ ተቀምጣለች። ከቀብሩ ጀምሮ እንባ የሚባል እንዳልወጣት፣ እህልም እንዳልቀመሰች ወንድሟ በጭንቀት ነገረን። በየተራ «እግዚአብሔር ያጥናሽ» ስንላት አንገቷን ብቻ ነቀነቀችልን። እኔም ጥግ ይዤ ተቀመጥኩ።

አዮ ጉልበታቸው እያስቸገራቸው ዘግይተው ገቡ። አጠገቧ ቁጭ ብለው እጇን ያዙ።

«ኢንታለ ኮ፣ ልጄ» አሏት፤ «እንግዲህ ጠዋት ጠዋት በአጥሩ በኩል ማን ይጠራኛል?»

«አዮ!» ብላ ጮኸች። ጭናቸው ላይ ተደፍታ እናቷን አለቀሰች።