ቅጠል ብቻ የሚታይበት ፊልም

ዳንግላ የታሰርሁበት ክፍል ከጣሪያው ሥር አንዲት ቀዳዳ ነበረችው። ወዲያው ወደድኋት፤ እንደ ፊልሜ አትንቀሳቀስም፣ ሰው አታሳይም፣ ደመና ብቻ ታሳልፋለች።

ያሳሰረኝ እንጅባራ አጠገብ ያለን አንድ ኮረብታ ከአንድ ቦታ ሆኜ ሦስት ዓመት በየወሩ መቅረጼ ነው። ፊልሙ ታሪክ የለውም፤ ለከሰል የሚሆን ዛፍ ይተከላል፣ ያድጋል። አብሮኝ የሚቀርጸው ጓደኛዬ ግን «ዛፉ ሰበብ ነው፤ ባለፈው ክረምት ያስቀረጸኝ ወታደር የሚያልፍበትን መንገድ ነው» ብሎ ፈርሟል።

ቃሉ በየቀኑ ሲነበብልኝ ትዝታዬም ከመርማሪው ጋር ተባበረ። ዓይኔን ስጨፍን መንገዱ ወለል ብሎ ይታየኝ ጀመር። ትዝታ እንደማይታመን ስንት ገጽ ጽፌ ነበር! ለሌላ ሰው ነበር የጻፍሁት።

አጠገቤ የሚተኙት ከፋግታ ገጠር የመጡ አንድ ከሰል አክሳይ ነበሩ። የተከሰስሁበትን ነገርኋቸው።

«ዛፉ ስንት ዓመቱ ነው?»

«ሦስት፣ አያ።»

«በሦስት ዓመቱ እንኳንስ ማዶ ያለ መንገድ፣ ውስጡ የገባ በሬ አይታይም። ደግሞ ተማርሁ ትላለህ!»

በማግስቱ የዚያ ክረምት ቀረጻ እንዲታይልኝ ጠየቅሁ። መርማሪው ላፕቶፑን ከፈተ። ቅጠል። አሥር ደቂቃ ሙሉ ቅጠል።

«ይሄን ሰው ከፍሎ ያያል?»

«እስካሁን ሳያቋርጡ ያዩት እርስዎ ብቻ ነዎት።»

ሊዘጋው ሲል ከካሜራው ጀርባ ሳቅ ተሰማ። «ኧረ በቃህ! መንገዱም ተጋረደ፤ ምን ልንቀርጽ ነው?» ከዚያ የእኔ ድምፅ፣ «ተወው፣ ይቅረጽ።»

እኔስ ረስቼው ነበር። ጓደኛዬ ግን እያወቀ ነው የፈረመው።

መርማሪው ጠጋ አለኝ። «ይሄ ያ ምስክራችን ነው፣ አይደል? አዎ በልና ዛሬውኑ ቤትህ ግባ። ፍራሽህን እሱ ይረከብሃል።»

ደግሞ እንዲያሰማኝ ለመንሁት። አሰማኝ። ሃያ ዓመት አብሬው የሳቅሁት ሳቅ ነው።

«አላወቅሁትም» አልሁ።

ሦስት ወር ተጨመረልኝ። አክሳዩ «ጅል!» አሉኝና የጋቢያቸውን ግማሽ አለበሱኝ።

ፊልሙ አሁን አልፎ አልፎ ይታያል። ሳቁን ቁረጠው የሚሉኝ አሉ፤ አልቆረጥሁትም። ባለፈው እንጅባራ ሲታይ ጓደኛዬም መጥቶ ከኋላ ተቀምጦ ነበር። ሲያልቅ አንዲት ተማሪ እጇን አወጣች፤ «ጋሼ፣ የሚስቀው ማነው?»

ወደ ኋላ ሳልዞር ያንኑ ለመርማሪው ያልሁትን መለስሁላት።