ሁለት ሁለት እየሆንን

እህቴ ከጅዳ የተመለሰች ሰሞን እኔ አስራ አንደኛ ክፍል ነበርኩ። ሻንጣዋ ሲከፈት አራት ቀሚስ፣ ሦስት ሻሽ እና ሁለት ጥንድ ባለ ተረከዝ ጫማ ወጣ። ከወግዲ ሊጠይቋት የመጡት አራት የአክስቴ ልጆች ጩኸታቸውን አቀለጡት። በማግስቱ ማለዳ ተመላሾች ስለነበሩ ለብሰን ፎቶ እንነሳ ተባለ።

«ይቺው ለስድስት ሰው?» አለች ትልቋ የአክስቴ ልጅ። «ሁላችን አንድ ልንመስል ነው!»

«አንመስልም» አልኩ። የሒሳብ ትምህርቱ ገና ትኩስ ነበር። «ለእያንዳንዱ ቀሚስ ሦስት ሻሽ አለ፤ አራት ጊዜ ሦስት፣ አስራ ሁለት። ጫማ ስትቀያይሪ ደግሞ እጥፍ ይሆናል። ሃያ አራት አለባበስ!»

«ወላሂ» አለች እህቴ፣ «ይኼን ሁሉ ተሸክሜ መምጣቴን አላወቅሁም!»

ጫማው ሁለት ብቻ ስለሆነ ሁለት ሁለት እየሆንን ለመነሳት ተስማማን። ሁሉም ከሁሉም ጋር። ፎቶ የሚያነሳው ግን የእህቴ ስልክ ብቻ ነው፤ እሱም ሞልቶ የቀረው የሃያ ፎቶ ቦታ ነበር።

«ስድስት ነን፤ እያንዳንዳችን ከአምስት ሰው ጋር። ሠላሳ!» አለች ትልቋ። ማን ይቅር በሚል ጭቅጭቁ ጦፈ።

«ቆዩ!» አልኩ። «አንቺ ከኔ ጋር ስትነሺ እኔስ ካንቺ ጋር አልተነሳሁም? ሁለቴ ቆጥረሽዋል። ለሁለት አካፍይው፤ አስራ አምስት ነው!»

ከዚያ እህቴ አንገቴ ላይ ተጠመጠመች፤ ሁላችንም አልጋው ላይ ወደቅን።

እናቴ በሩ ላይ ቆማ ኖሯል። «እኔስ?» አለች። «እኔ ሰው አይደለሁም?»

ሰባት ሆንን። ሰባት ጊዜ ስድስት አርባ ሁለት፣ ግማሹ ሃያ አንድ። አንድ ፎቶ ጎደለ።

«አብሽሩ፣ ጀምሩ» አለች እናቴ፣ ጫማውን ለመሞከር ጎንበስ ብላ።

ግቢው ውስጥ ነፋሱ ሻሹን እየነጠቀን፣ አጥሩ ላይ እያሳደድን ተነሳን። ሃያው ሲያልቅ አብረው ሳይነሱ የቀሩት እናቴና እህቴ ነበሩ። እህቴ የድሮ ፎቶዎቿን እያገላበጠች አንዱ ላይ ቆመች፤ የሚያብረቀርቅ ሰፊ ወጥ ቤት፣ ሰው የለበትም።

«የት ነው?» አልኳት።

«አምስት ዓመት የሠራሁበት።» ትንሽ አየችው። «ይጥፋ» አለችና ሰረዘችው።

እናቴ በባለ ተረከዙ ጫማ ሁለት እርምጃ ሄዳ ጭቃው ያዛት፤ ልትወድቅ ስትል እህቴ በወገቧ አቀፈቻት። ያን ጊዜ አነሳኋቸው። እየሳቅሁ ስለነበር ፎቶው ደብዝዟል፤ ማን ማንን እንደያዘ አይለይም።