እናቴ ፊት ላይ የተለጠፈችው ሳጥን

ላፕቶፑን የሰጠችኝ ማዳሜ ናት። ልጇ አዲስ ሲገዛለት አሮጌው ሳሎን ጥግ ተቀምጦ አቧራ ሲጠጣ ከረመ፤ አቧራውን የምጠርገው ደግሞ እኔ ነኝ። አንድ ቀን እየጠረግኩት ሳለሁ ውሰጂው አለችኝ። እኔ ሰው ሳልጠይቀው ሲሰጠኝ ከመደሰቴ በፊት ለምን ብዬ የማስብ ሰው ነኝ፤ ይህ አመሌ እዚህ አገር ከመጣሁ ወዲህ ባሰብኝ እንጂ አልተሻለኝም። ቢሆንም እምቢ አይባልም፤ በፎጣ ጠቅልዬ በኒ ማሊክ ሰፈር ወዳለችው ክፍሌ ይዤው ሄድኩ።

የጌም ላፕቶፕ ነው። ፊደሎቹ ቀይና አረንጓዴ ያበራሉ፤ ሲሞቀው እንደ ወፍጮ ይጮሃል። ክፍሏን አብራኝ የምትከራይ ጓደኛ አለችኝ፤ እሷም እንደኔ ወሎዬ፣ እሷም እንደኔ ሰው ቤት ሠራተኛ ናት። ያን ሁሉ መብራት ስታይ ክፍላችንን የሠርግ ድንኳን አስመሰልሽው ብላ ሳቀችብኝ። እኔ ግን የፈለግኩት ለአንድ ነገር ብቻ ነበር፤ እናቴን በትልቁ ለማየት።

ሁለታችንም ጠዋት ወጥተን ከሰዓት የምንመለስ ነን፤ ዕረፍታችን ጁምዓ ናት። ጁምዓ ከቀትሩ የዙህር ሰላት በኋላ ወደ ወሎ እደውላለሁ። እናቴ የራሷ ስልክ የላትም፤ ታናሽ እህቴ የእሷን ስልክ ፊት ለፊቷ ትይዝላታለች። በእኔ የተሰነጠቀ ስልክ እናቴ አውራ ጣት ታህል ነበር። በላፕቶፑ የመጀመሪያ ቀን ሳያት ክው አልኩ። ጉንጮቿ ገብተዋል፤ ከላይ አንድ ጥርስ የላትም። መቼ ወለቀ ብዬ ስጠይቃት፣ ቆየ እኮ፣ አንቺ ነሽ ያላየሽ አለችኝ። ከቤት ከወጣሁ ስድስት ዓመቴ ነው፤ ጥርሷ የወለቀ እናቴን ሙሉ ጥርስ እንዳላት አድርጌ ሳስባት ኖሬያለሁ።

ያየሁትም ቢሆን ሙሉ ፊቷን አልነበረም። ስክሪኑ ላይ፣ በቀኝ በኩል ከላይ፣ የክብሪት ቀፎ የምታህል ጥቁር ሳጥን ተለጥፋለች። ውስጧ ነጫጭ ቁጥሮች አሉ፤ በመቶኛ ናቸው፤ ይወጣሉ፣ ይወርዳሉ። ምንም ብከፍት እሷ ከሁሉም በላይ ናት። እህቴ ደግሞ ስልክ አስተካክሎ መያዝ አይሆንላትም፤ እናቴ ሁልጊዜ የምትመጣው በቀኝ ጥግ ነው። ሳጥኗ ግንባሯንና አንድ ዓይኗን ትሸፍናለች። ወደ ጎን ጠጋ በይ ስላት እናቴ ከነበርጩማዋ ትጠጋለች፤ እህቴም ስልኩን ይዛ ትከተላታለች፤ ዞረን ዞረን እዚያው።

ሳጥኗ ምን እንደሆነች የነገረችኝ ጓደኛዬ ናት። ነገረችኝ ማለት፣ ሁለታችንም የማናውቀውን ነገር እርግጠኛ ሆና ተናገረች። ማዳምሽ በነፃ ላፕቶፕ የምትሰጥሽ ምን ቆርጧት ነው አለችኝ። ሳሎን ላይ ካሜራ፣ ኩሽና ውስጥ ካሜራ አላት፤ አሁን ደግሞ ክፍልሽ ድረስ ላከችልሽ። ቀረብ ብላ ቁጥሮቹን በጣቷ እያሳየችኝ፣ «ስታወሪ ይወጣል፣ ስልኩን ስትዘጊ ይወርዳል፤ ድምፅሽን እየሰፈረ ነው» አለች። አየሁት፤ እውነትም ስደውል ይወጣል፣ ስዘጋ ይወርዳል። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነውና አመንኳት። እንደ እኛ ቀኑን ሙሉ ካሜራ ሥር ዕቃ ያላጠበ ሰው ይስቅብን ይሆናል፤ ይሳቅ።

ከዚያ ወዲያ ለእናቴ እንደ ልቤ አላወራም። ስለ ማዳሜ ከጠየቀችኝ ድምፄን ከፍ አድርጌ ወርቅ ናት፣ ቤቷም ቤቴ ነው እላለሁ። እናቴ ሞኝ አይደለችም፤ አንድ ጁምዓ ሰምታኝ ስታበቃ አመመሽ እንዴ አለችኝ። ላፕቶፑን ትቼ በስልኬ መደወል እችል ነበር፤ ግን አንዴ በትልቁ ካየኋት በኋላ ወደ አውራ ጣት መመለስ አቃተኝ። ስለዚህ ሳጥኗን ማጥፋት አለብኝ አልኩ።

ነገሬ እንዲገባ ስለ እናቴ ዱዓ መናገር አለብኝ። እኛ ዘንድ ዱዓ ሲደረግ የሚሰማው ሰው እጁን ዘርግቶ በየመሀሉ አሚን ይላል። አድራጊው ያቆማል፣ ሰሚው አሚን ይላል፣ አድራጊው ይቀጥላል። እናቴ ከቤት ከወጣሁ ጀምሮ ያለ ዱዓ ስልክ ዘግታብኝ አታውቅም። ልጅ ሆነን አሚን ማለት ስንዘነጋ ጭናችንን ቆንጠጥ ታደርገን ነበር፤ አሚን ያልተባለበት ዱዓ ደጃፍ ቆሞ ይቀራል፣ አይገባም ትላለች። እዚህም ሆኜ አሚን እላለሁ፤ አንዳንዴ ልብስ እያጠፍኩ፣ አንዳንዴ ሽንኩርት እየላጥኩ፣ ግን እላለሁ።

አንድ ጁምዓ ጓደኛዬ ሳጥኗ እንዴት እንደምትጠፋ የሚያሳይ ቪዲዮ በስልኳ አገኘች። በዓረብኛ ነው፤ ሁለት ቁልፍ አንድ ላይ ተጫኑ ይላል። ለእናቴ ደውዬ ነበር፤ እሷ ስለ ጉልበቷና ስለ ጎረቤት ላም ታወራለች፣ እኔ እህ እያልኩ ቁልፉን እፈልጋለሁ። ስጫነው ስክሪኑ ጠቆር አለና በሳጥን ላይ ሳጥን ተደረደረ። አንዱ ድምፅ ማጉያ፣ አንዱ ክብ ነጥብ፣ አንዱ ማይክ ላይ ሰረዝ የተሰመረበት። ጓደኛዬ ከጎኔ ይሄን ንኪ፣ ያን ንኪ ትላለች፤ እኔም እነካለሁ። ክቡን ነጥብ ነካሁ፤ ምን እንዳደረገ አልገባኝም። በመጨረሻ ሳጥኗ አናት ላይ ያለችውን የመርፌ ቁልፍ የመሰለች ምልክት ስነካ ጥቁሯ ሳጥን ብን አለች። ጓደኛዬ አጨበጨበች። ወደ እናቴ ስመለስ በይ ደህና ሁኚ እያለችኝ ነው። ሙሉ ፊቷን ያየሁት ለስንብት ያህል ነው።

ከዚያች ጁምዓ ቀጥሎ ባለው ረቡዕ ጠዋት ለሥራ ልወጣ ስል ጓደኛዬ ዛሬ አትሂጂ አለችኝ። ለምን ስላት ጫማዬን ይዛ ቆመች። ከጎን ክፍል ያሉ ሴቶች አንድ በአንድ እየገቡ ሰላም ብለው አጎንብሰው ይቀመጣሉ። መርዶ ለባለቤቱ በስልክ አይነገርምና እህቴ የደወለችው ለጓደኛዬ ነው፤ እኔ ግን አራተኛዋ ሴት ስትገባ ሳይነግሩኝ አወቅኩት። እናቴ ማክሰኞ ከሰዓት ጎኔን አለች፣ ተኛች፣ አልተነሳችም። እኔ ስሰማ ተቀብራ አድራለች። ያን ቀን ምን እንደጮህኩ አላስታውስም፤ ጓደኛዬም ጠይቄያት አልነገረችኝም።

ሴቶቹ ሲያጽናኑኝ ሁሉም አንድ ነገር ይሉኛል። ታድለሽ፣ ጁምዓ ቀን መርቃሽ ነው የሄደች፤ ስንቱ አለ የእናቱ ድምፅ የናፈቀው። ይህችን ቃል ያዝኳት። ስተኛም ስነሳም ዱዓዋን ተቀብያለሁ፣ አሚን ብያለሁ እላለሁ። ሌላ የያዝኩት ነገር አልነበረኝም።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ለእናቴ ዑምራ ላደርግላት መካ ሄድኩ። የራሴን ከዚህ በፊት አድርጌያለሁ፤ የራሱን ያደረገ ሰው ለሞተበት ሰው ቢያደርግለት ይደርሳል ይባላል። ሰባት ዙር የሚዞረውን ጠዋፍ ስጀምር ብቻዬን ነበርኩ። ሁለተኛው ዙር ላይ ከማላውቀው አገር የመጡ ሰዎች ደረሱብኝ፤ አንድ ሽማግሌ ከፊት በራሳቸው ቋንቋ ዱዓ ያደርጋሉ፣ የተከተላቸው ሁሉ በአንድ ድምፅ አሚን ይላል። ከዱዓው አንዲት ቃል አልገባኝም። ግን መሀላቸው ገብቼ አሚን፣ አሚን እያልኩ ዞርኩ። አንዲት ሴት እያለቀስኩ ስታየኝ እጄን ያዘችኝ፤ እስከ ሰባተኛው ዙር አልለቀቀችኝም። ከመካ ስመለስ ቀለል ብሎኝ ነበር፤ ይህን አልክድም።

ሳጥኗ ግን ላፕቶፑ ተዘግቶ ሲከፈት ተመልሳ ቁጭ ብላለች። ማሽኑም ሞልቷል እያለ ይንቀራፈፋል። ሸረፊያ የሚባለው ሰፈር ስልክና ኮምፒውተር የሚጠግን አንድ የእኛ አገር ሰው ሱቅ አለው፤ እዚያ ወሰድኩት፤ ስፋቱ የበር ያህል ነው፣ ግድግዳው በስልክ መስታወት ተሞልቷል። መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ ሰክቶ ሰማኝና የማዳሜን ነገር ስነግረው ሳቀ፤ ሳቁ ግን የሚያናድድ አልነበረም። ይህች ሳጥን ከማሽኑ ጋር አብራ የምትመጣ ናት አለኝ፤ ጌም የሚጫወቱ ልጆች ማሽኑ ምን ያህል እየደከመ እንደሆነ የሚያዩባት። ቪዲዮ ያለበት ስልክ ስትደውዪ ይደክማል፣ ቁጥሩ ይወጣል፤ ስትዘጊ ያርፋል። ማንም አይሰማሽም። ሳጥኗን ነቀላትና ዳግም እንዳትመጣ አደረጋት፤ ደቂቃ አልፈጀበትም። አፈርኩ፤ በዚህ ደቂቃ በማይፈጅ ነገር ስንት ጁምዓ ቃሌን አንቄ እናቴን አወራኋት።

ከዚያ ማሽኑን የሞላው ይህ ነው ብሎ አንድ ፎልደር ከፈተ። ልጁ ሲጫወት የቀዳቸው ናቸው፤ ተኩስ፣ መኪና፣ ተኩስ። ላጥፋቸው ወይ አለኝ፤ አጥፋቸው አልኩት። እጁ ሊጫን ሲል ቆመ።

«ይቺ የመጨረሻዋ ግን ጨዋታ አትመስለኝም» አለና ስክሪኑን ወደኔ አዞረው።

እናቴ ናት። ሻሿን እያስተካከለች። የደንበኛ ወንበር ላይ ዘፍ አልኩ። ሰውዬው ዓይቶኝ ገባው መሰለኝ ዘጋው፤ ውጪ ወጥቶም ውሃ ይዞልኝ መጣ። ያን ቀን የነካሁት ክብ ነጥብ መቅጃው ኖሯል። ሰውዬው ቀስ ብሎ አንድ ነገር ልንገርሽ አለኝ፤ የእሷ ድምፅ አለ፣ ያንቺ ድምፅ ግን የለም። ማይኩ ላይ ሰረዝ ነበረበት፤ ካልከፈቱት አይቀዳም። እኔ ድምፄን ይቀዳብኛል ብዬ የፈራሁት ነገር ከእኔ ድምፅ በቀር ሁሉንም ቀድቷል። የልጁን አጥፍቶ የእኔዋን ብቻ ተወልኝ። መቅጃውንም አብሬ ላጥፋው ወይ ሲለኝ ተወው፣ ማይኩንም ክፈትልኝ አልኩት። አሁን ከእህቴ ጋር ሳወራ ይቀዳናል፤ የሁለታችንንም ድምፅ።

ያን ቀን ቤት ስደርስ ጓደኛዬ ከሥራ አልተመለሰችም ነበር፤ ብቻዬን መሆኔን ወደድኩት። ላፕቶፑን አልጋዬ ላይ አስቀምጬ ቅጂውን ከፈትኩት። ሳጥኖቹ አልተቀዱም፤ የእናቴ ፊት ሙሉ ነው። የማውሱ ቀስት ግን አለ። እንደ ዝንብ ግንባሯ ላይ፣ ጉንጯ ላይ፣ ዓይኗ ላይ ይሄዳል፣ ይመለሳል። ከታች ጥግ ላይ ደግሞ እኔ አለሁ፤ ትንሽዬ ምስል፣ ቅንድቧን ቋጥራ ወደ ላይ ወደ ቀኝ የምታይ ሴት። እናቴን አታይም።

እናቴ ስለ ጉልበቷ አወራች። ስለ ጎረቤት ላም አወራች። ከዚያ እጆቿን ዘረጋች። እኔም አልጋው ላይ ሆኜ እጄን ዘረጋሁ።

ከክፉ ዓይን ይሰውርሽ አለችና ዝም አለች። በሄድሽበት ሰው ይውደድሽ አለችና ዝም አለች። በየመሀሉ ቦታዬን ትተውልኛለች፤ ድምፄ እንደሌለ ስለማውቅ አፌን አየሁት። ትንሿ ምስል ውስጥ አፌ ግጥም ብሏል። እናቴ ጎንበስ ብላ ወደ ስልኩ ቀረበች።

«ያረብ፣ የልጄን ዓይን ሳላይ አትውሰደኝ» አለች።

ጠበቀች። ቀስቱ ዓይኗ ላይ ነው።

«አሚን በይ እንጂ ልጄ።»

በዚያች ሰዓት ትንሿ ሴት ፊቷ በራ፤ ወደ ጎኗ ዞራ ከጓደኛዋ ጋር ሳቀች። ሳጥኗ የጠፋችው ያኔ ነው። እናቴ ትንሽ ቆይታ ወደ እህቴ ዞረችና አልሰማችኝም መሰለኝ አለቻት። የእህቴ ድምፅ ከስልኩ ጀርባ፣ ትሰማለች እንጂ፣ ስትስቅ አያት የለም እንዴ አለ። እናቴ ራሷን ነቀነቀች።

«ኔትወርኩ ነው እንጂ ልጄስ አሚን ሳትል አትቀርም» አለችና በእኔ ፈንታ ራሷ አሚን ብላ እጇን ፊቷ ላይ አሳለፈች።

ያን ቀን ኔትወርኩ ደህና ነበር።