ሦስተኛው ከል

አክስቴ ፍራሹ ላይ ግድግዳውን ተደግፋ ተቀምጣለች። ያስጠጋቻት የቤቱ ባለቤት፣ የልብ ጓደኛዋ፣ መስኮቱ አጠገብ ቆማለች። በሞያሌ በኩል የተሰደደው አንድ እግሩ የተቆረጠ አሥር አለቃ ክራንቹን ጭኑ ላይ አጋድሞ በርጩማ ላይ ነው። እኔ ከቢሮ እየሮጥኩ ደርሼ፣ ቦርሳዬን እንዳንጠለጠልኩ በሩ ላይ ቆሜአለሁ። ከታች፣ በስደት ከተማችን መንገድ ላይ፣ ኪሌሌሽዋ ሰፈር የሚመላለሰው የሕዝብ ታክሲ፣ ማታቱ፣ ጥሩምባውን ይነፋል።

ደርግ ልጇን ወደ ሰሜን ካዘመተው ወዲህ አክስቴ ሁለት ጊዜ መርዶ ተነግሯታል። ሁለቱንም ጊዜ "በሕይወት አለ" ተብሎ ከሏን አውልቃለች። ያሁኑ ከል ሦስተኛው ነበር። ያን ዕለት ግን ሥራ ቦታዬ ድረስ ከአዲስ አበባ ተደወለልኝ፤ ልጁ ቆስሎ ሆስፒታል ተኝቷል እንጂ አልሞተም።

አፌን ልከፍት ስል አክስቴ እጇን አነሳች።

"ቆዪ፣ ተረቱን ይጨርስ።"

አሥር አለቃው ለቅሶ ቤቱን ለማጫወት ጀምሮት ኖሯል።

"ልጁ ጦር ሜዳ ሲወድቅ እናቱ ከወንዙ ሥር ወዳለው ጨለማ ወረደች። ዓይኗን ሰጠች፤ ልጁ ተነሳ። ንጉሡ በማግስቱ መልሶ አዘመተው። እንደገና ወደቀ። ድምፅዋን ሰጠች፤ ተነሳ። ንጉሡ አሁንም አዘመተው።"

"ምናለ ያንተንም እግር ባስነሳችልህ!" አለች ጓደኛዋ።

"ተይ እትዬ! እግሬ ብትነሳ ብቻዋን ያዘምቷታል።"

ጓደኛዋ ሳቀች። እኔ ቦርሳዬን ከአንድ ትከሻ ወደ ሌላው አዛወርኩ።

አክስቴ "ሲነሳ ቁስሉ ይሽርለታል?" ብላ ጠየቀችው።

"አይሽርም እማማ። ቁስሉም አብሮት ይነሳል።"

"እንግዲያው ምናለ ብትተወው። ይረፍበት።"

አሥር አለቃው ተረቱን እዚያው ላይ ትቶ ክራንቹን ወለሉ ላይ አስቀመጠ። እኔም ከዚያ በላይ መቆየት አልቻልኩም።

"አልሞተም" አልኩ። "ቆስሎ ሆስፒታል ነው። ዛሬ ተደውሎልኝ ነው የመጣሁት።"

ጓደኛዋ እልል አለች። ወዲያው ጓዳ ገብታ የአክስቴን ሰማያዊ ቀሚስ ይዛ ወጣች።

"ተነሺ እንጂ! አውልቂው ይኼን!"

አክስቴ አልተነሳችም። እኔን ነበር የምታየው።

"ሲሻለው ወደ ቤቱ ነው?"

ይህንንም በስልኩ ጠይቄ ነበር።

"ወደ ጦር ክፍሉ ይመለሳል አሉ።"

ቀሚሱን ከጓደኛዋ እጅ ተቀበለች። ጉልበቷ ላይ ዘርግታ፣ እጅጌዎቹን ወደ ውስጥ መልሳ አጠፈችውና ለእኔ ሰጠችኝ።

"ውሰጂው፣ አንቺ ልበሺው። እኔ ይኼን ከል ከእንግዲህ አላወልቅም።"

ቀሚሱን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ወጣሁ።